«የልማት ተነሺ»፦ ማን አስነሣው?

«የልማት ተነሺ» የሚለው ቃል ለማን እንደሚመች አስባችሁበት ታውቃላችሁ? ተነሺ ማለት ራሱ ብድግ የሚል ሰው ነው። እንቅልፍ በቃኝ ብሎ፣ ጋቢውን አስተካክሎ የሚነሣ። ግድግዳው ላይ ቀይ ምልክት የተደረገበት ሰው ግን አልተነሣም፤ አነሡት። አማርኛ ግሥ አላጣም፤ የጠፋው የግሡ ባለቤት ነው።

እስቲ ከሕጉ እንጀምር። በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ አይሸጥም፣ አይለወጥም። የግለሰቡ የሚሆነው በመሬቱ ላይ ያፈራው ነው፤ ቤቱ፣ ዛፉ፣ በጉልበቱና በገንዘቡ ያሻሻለው ነገር። መንግሥት ይህን ለሕዝብ ጥቅም ሲወስድ ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ ይከፍላል ይላል ያው አንቀጽ። በቅድሚያ። ይቺን ቃል ያዙልኝ።

እናም ገማቹ መጥቶ ባሕር ዛፉን ይቆጥራል፣ ቆርቆሮውን ይለካል። የቆሙበትን መሬት አይገምትም፤ መሬት የሚሸጥ ዕቃ አይደለማ! ይሁን። ይኸው የማይሸጥ ነገር ግን ቆየት ብሎ በሊዝ ጨረታ ይወጣል። መርካቶ አካባቢ ለአንድ ካሬ ከ300 ሺህ ብር በላይ የቀረበባቸው ጨረታዎች ነበሩ። ገበሬው እጅ እያለ ዋጋ የሌለው መሬት ከእጁ በወጣ ማግስት ዋጋ ይወልዳል። ጠቤ እዚች ላይ ነው።

ሒሳቡን እንሥራው። በአዋጅ ቁጥር 455/1997 የእርሻ መሬቱን ለዘለቄታው የሚለቅ ገበሬ የአምስት ዓመት አማካይ ዓመታዊ ገቢው በ10 ተባዝቶ ይሰጠው ነበር። በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ደግሞ ካለፉት ሦስት ዓመታት ከፍተኛው ገቢ ተወስዶ በ15 ይባዛል። መሻሻል ነው፣ አልክድም። አሁን አንድ ሄክታር ጤፍ የሚያርስ ሰው እናስብ። 20 ኩንታል አገኘ፣ ኩንታሉን 10 ሺህ ብር ሸጠ እንበል። ገቢው 200 ሺህ፣ በ15 ሲባዛ 3 ሚሊዮን ብር። ሲሰሙት ያስደነግጣል። ሄክታር ግን 10 ሺህ ካሬ ነው፤ ለካሬ 300 ብር ደረሰው ማለት ነው። በ300 ብር ቦሌ ላይ ክትፎ አይበላም።

መርካቶና የከተማ ዳር አንድ ነው ወይ ትሉኛላችሁ። አይደለም። የመርካቶውን ዋጋ ለመቶ አካፍሉትና 3 ሺህ ብር አድርጉት፤ ያም የገበሬው 300 ብር አሥር እጥፍ ነው። «መንገዱንና ውሃውን ያመጣው መንግሥት ስለሆነ ጭማሪው የሱ ነው» የሚል መልስ አለ። ግማሹ እውነት ነው። ግን ለጭማሪው ምንም ያላዋጣው ባለሀብት በጨረታ ገብቶ ሲያተርፍበት፣ ዕድሜውን ሙሉ ያረሰው ሰው ድርሻ ዜሮ የሚሆነው በየትኛው ስሌት ነው?

ብሩም ባለበት አይቆይም። በሰኔ 2016 ካሳውን ተቀብሎ ባንክ ያስቀመጠ ሰው፣ በሐምሌ የምንዛሪ ተመኑ ለገበያ ተለቅቆ፣ 57 ብር አካባቢ የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንታት 100 ሲያልፍ ቁጭ ብሎ አየ። መሬት እንዲህ አትቀልጥም።

ከተማ ውስጥ ያለው ጣጣ ሌላ ነው። በሐምሌ 1967 ትርፍ ቤቶች ተወርሰው የቀበሌ ቤት ሆኑ። በ2016 ፒያሳ ሲፈርስ እንዲህ ባሉ ቤቶች ተከራይተው የኖሩ ሰዎችም ነበሩ። ግድግዳው የነሱ ስላልሆነ ካሳ አይጠይቁበትም፤ የሚጠብቁት ምትክ ቤት ነው። ለአንዳንዱ ምትኩ ከድሮው ይሻላል፤ ቢያንስ ሽንት ቤቱን ከአሥር ጎረቤት ጋር አይጋራም። ይህን የማይናገር ሰው እነዚያን ሰፈሮች አያውቃቸውም። ግን ደጃፏ ላይ ሻይ ትሸጥ የነበረች ሴት የከተማ ዳር ኮንዶሚኒየም ሲሰጧት ቤት አገኘች እንጂ ደንበኛ አላገኘችም። ዕድርተኛው በአራት አቅጣጫ ሲበተን ድንኳን የሚተክለው ማነው? የ2011ዱ አዋጅ ለማኅበራዊ ትስስር መቋረጥ ካሳ ይከፈላል ማለቱ ራሱ፣ የሚፈርሰው ብሎኬት ብቻ እንዳልሆነ ሕግ አውጪውም እንደሚያውቅ ያሳያል።

ከዚህ ተነሥቶ «መሬት የግል ይሁን» የሚል ሰልፍ አለ። እኔ እዚያ ሰልፍ ውስጥ የለሁም። ክፉ ዘመን በመጣ ቁጥር ገበሬው መሬቱን በርካሽ ሸጦ ይሰደዳል የሚለው ሥጋት ተረት አይደለም። በ1957 ተማሪዎች «መሬት ለአራሹ» ብለው የወጡትም በምክንያት ነበር፤ ጪሰኛው ምርቱን እያካፈለ ባለመሬቱ በፈለገ ቀን ይባረር ነበር። የካቲት 1967 የወጣው አዋጅ ያንን ሥርዓት ሰበረው። የማባረር ሥልጣኑ ግን አብሮ አልተሰበረም፤ ቢሮ ተከፍቶለት ማኅተም ያዘ። የአዲስ አበባና ዙሪያዋ ማስተር ፕላን በ2006 እና በ2008 ኦሮሚያ ውስጥ ያን ሁሉ ቁጣ የቀሰቀሰው፣ ሰው ሞቶበት በጥር 2008 የተሰረዘው ያለ ነገር አልነበረም። ሰዉ ከካርታው ጀርባ ዶዘሩን አይቶ ነበር።

አሁን «በቅድሚያ» ወደምትለው ቃል እንመለስ። የ1997ቱ አዋጅ በካሳው ላይ የሚቀርብ አቤቱታ የማስለቀቁን ትእዛዝ አያዘገይም ይል ነበር። ተከራከር፣ ግን ለቀህ ተከራከር ማለት ነው። ግድግዳው ከፈረሰ በኋላ ስፋቱን ማን ይለካል? ዳኛው ፊት የሚቀርበው የገማቹ ወረቀት ብቻ ነው፤ ተከሳሹም ማስረጃ ያዡም አንድ ሰው ሆነ።

ስለዚህ የግምት ክርክር ዶዘሩ ከመነሣቱ በፊት ፍርድ ቤት ይለቅ። የተወሰደው መሬት በሊዝ ከተላለፈ ደግሞ ከሊዙ የተወሰነ በመቶ ለተነሣው ሰው ይሁን። ሊዝ በየዓመቱ ስለሚከፈል ድርሻውም በየዓመቱ ይድረሰው፤ እሱ ሲሞት ለልጆቹ ይተላለፍ። ለዚህ ሕገ መንግሥት መቀየር አያስፈልግም፤ መሬቱ አልተሸጠም፣ አልተለወጠም። የሊዝ ገቢ ዛሬም ከነከፋዩ ስም በመዝገብ ይያዛል። እዚያው መዝገብ ላይ አንድ ዓምድ ጨምሮ መሬቱ ከማን እንደተወሰደ መጻፍ ነው።