ከመንገዱ በፊት የነበረው

ወገኖቻችንን ቤተ እስራኤላውያንን በሱዳን በኩል ወደ እስራኤል ያመጣው ዘመቻ ሙሴ ሊጀመር ሰባት ዓመት ሲቀረው፣ እ.ኤ.አ. በ1977፣ ከቤርሳቤህ ብዙም በማትርቀው ኦፋኪም መርካዝ ክሊታ (የስደተኞች መቀበያ ማዕከል) ውስጥ ያረፉት እንግዶች ቬትናማውያን ነበሩ። «ዩቫሊ» የተባለች የእስራኤል መርከብ ከባሕር ላይ ያነሣቻቸው 66 ስደተኞች ናቸው። ጠቅላይ ሚኒስትር ሜናኼም ቤጊን ሥልጣን እንደያዙ እንዲገቡ ፈቀዱላቸው፤ በሁለት ዓመት ውስጥ ቁጥራቸው ወደ 360 ደረሰ።

የዱኪ ድሮር ዘጋቢ ፊልም «የቫን ንጉየን ጉዞ» (2005) የእነሱን ነገር ያነሣል። የቫን አባት የተወሰደባቸውን የቤተሰብ መሬት ለማስመለስ ወደ ቬትናም ይመለሳሉ። እስራኤል ተወልዳ በዕብራይስጥ ግጥም የምትጽፈው ልጃቸው ቫን ትከተላቸዋለች። እዚህ ባዕድ የመሰለችው ልጅ እዚያም ባዕድ ናት። የኛ ሰው ይህን አይቶ ጥሎት የመጣውን መንደር፣ ወለቃን፣ አለማሰብ አይችልም። ከጎንደር ወጣ ስትሉ መንገድ ዳር ዛሬም በእናቶቻችን እጅ የታወቀው ሸክላ ይሸጣል፤ ሻጮቹ የቀሩት ጎረቤቶች ናቸው።

የኛ ፊልሞች ስለ እነዚያ ጎረቤቶች ብዙ አይሉም። ወይ የሱዳንን መንገድ ያሳዩናል፣ ወይ እዚህ አባትና ልጅ አልግባባ ማለታቸውን። የባዚ ጌጤ «ቀይ ቅጠሎች» (2014) የሁለተኛው ወገን ነው። ተዋናዩ ደበበ እሸቱ ሚስታቸው የሞተችባቸውን አዛውንት ሆኖ ይጫወታል፤ ሰውዬው ቤታቸውን ሸጠው ከአንዱ ልጅ ቤት ወደ ሌላው ይዞራሉ። ደበበ ዝም ሲል እንኳ ያስፈራል። ጥሩ ፊልም ነው፤ ግን የሚጀምረው እዚህ ነው።

ዳይሬክተሯ ዓለምወርቅ ዳቪዲያን ግን ወደ ኋላ ሄደች። በልጅነቷ፣ በ1990፣ ከአዲስ አበባ የመጣች ናት። «የበለስ ዛፍ» (2018) የደርግ ዘመን ማብቂያ ላይ ያለችውን አዲስ አበባ ያሳያል። የ16 ዓመቷ ሚና ቤተሰብ ወደ እስራኤል ለመሄድ ይሰናዳል፤ የምትወደው ኤሊ ክርስቲያን ነው፣ ከጦር ሠራዊት አፈሳ እየሸሸ ይደበቃል። አንድ ቀን በለሱ ዛፍ ሥር እግሮቹን ጦርነት የወሰደበት ወታደር ራሱን ሊሰቅል ሲል ታገኘዋለች። ኤሊ ከተያዘ ምን እንደሚጠብቀው ከዚህ በኋላ ማንም ሊያስረዳት አያስፈልግም። ፊልሙ በቶሮንቶ ለሴት ዳይሬክተር የሚሰጠውን የዩሪማዥ ሽልማት አግኝቷል፤ እኔ ግን የወደድኩት በድፍረቱ ነው። ወደ እስራኤል መምጣታችን የምንወደውን ሰው ጥሎ መምጣትም እንደነበር ይናገራል። በየበዓሉ ንግግር ይህ ሲነሣ ብዙ አልሰማሁም።

የሱዳንን መንገድ እንርሳ ማለቴ አይደለም። 4,000 ያህል ወገን አልቆበታል፤ በሄርዝል ተራራም መታሰቢያ ቆሞለታል። ነገር ግን ልጆቻችን ስለ ሀገር ቤት የሚያውቁት ከዚያ መውጣታችንን ብቻ ከሆነ፣ አያቶቻቸው ከማን ጋር ቡና ይጠጡ እንደነበር ማን ይነግራቸዋል?

ይህን ለመንገር የቤርሳቤህ አሮጌ ከተማ፣ ሃዒር ሃዓቲቃ፣ ይመቸናል። ኦቶማኖች ከ1900 ጀምሮ ከቆረቆሩት ሰፈር አንድ የድንጋይ ቤት አዳራሽ አይጠፋም። ሁለቱን ፊልሞች፣ የቫንንና የሚናን፣ በአንድ ምሽት እናሳይ። ከኦፋኪም ቬትናማውያንም የሚገኝ ካለ ይጋበዝ። ከዚያ ማይክራፎኑ ለሽማግሌዎቻችን ይሰጥ፤ ለአንድ ምሽት ስለ ሱዳን አይጠየቁ። ላማቸውን ለማን አስረክበው ወጡ? የቤቱን ቁልፍስ? ወጣቶቹ አማርኛው እንዳያመልጣቸው አንድ ጎበዝ አስተርጓሚ ይቀመጥ፤ ካሜራ ያለውም ይቅረጽ።