የልጃገረዲቱ ክራር

ባለፈው እሑድ ጎሮ ከምትኖር ጓደኛዬ ቤት ሄጄ፣ ክራር ከሚማሩት ወንድና ሴት ልጆቿ ጋር «የሞዛርት እኅት» የተባለውን የ2010 የፈረንሳይ ፊልም ተመለከትን (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው)።

ፊልሙ ልብ ወለድ ቢቀላቀልበትም፣ ናነርል ሞዛርት በእውን የነበረች ሴት ናት። በ1751 ተወልዳ፣ በልጅነቷ ከታናሽ ወንድሟ ከቮልፍጋንግ ጋር በአውሮፓ ከተሞች እየተዘዋወረች ስትጫወት ተደንቃለች። በ1769 ግን ለአቅመ ሔዋን መድረሷ ነውና አባቷ ወንድሟን ብቻ ይዞ ወደ ኢጣልያ ሄደ፤ እርሷ ከእናቷ ጋር ቤት ቀረች። ከደረሰቻቸው ዜማዎች አንድም አልተገኘም።

የእኛዋ እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩም ለንደን ሄደው ሙዚቃ ለመማር ፈቃድ ተነፍገዋል። ሆኖም ከመነኮሱ በኋላ ወደ ፒያኗቸው ተመለሱ፤ ጀርመን አገር ያስቀረጹት ሸክላ ገቢም ለወላጅ አልባ ሕፃናት ዋለ። በ2023 ኢየሩሳሌም ላይ በ99 ዓመታቸው ሲያርፉ ሥራቸው በብዙ አገር ይደመጥ ነበር።

ፊልሙ እንዳበቃ ልጁ ክራሩን አነሣ፤ ልጅቷ ዕቃ ልታጥብ ወደ ጓዳ ገባች። ጓደኛዬ ይህን አይታ፣ «ነይ ልጄ፣ ተመለሽ፤ ዛሬ ዕቃውን እርሱ ያጥባል» አለች።

በእናንተስ ቤት ዕቃውን የሚያጥበው ማን ነው?