ከውሳኔ በፊት መደመጥ

አንድ ውሳኔ ትክክለኛ የሚባለው ወሳኙ ሥልጣን ስላለው ብቻ አይደለም፤ ውሳኔው የሚነካው ሰው አስቀድሞ ቃሉን ሲሰጥና ቃሉም ሲመዘን ጭምር ነው። ስለዚህ የቀበሌም ሆነ የወረዳ ወይም የከተማ አስተዳደር የሕዝብን ኑሮ የሚለውጥ ነገር ከመወሰኑ በፊት ባለጉዳዮቹን መስማት ይገባዋል።

ይህ አሳብ ለአገራችን እንግዳ አይደለም። በወሎ የታወቁት አበጋሮች በዳይንና ተበዳይን ሳያዳምጡ እርቅ አያወርዱም። «ነገር ከሥሩ፣ ውሃ ከጥሩ» የሚባለውም ጉዳዩን ከባለቤቱ አፍ መስማት ስለሚበጅ ነው። ታዲያ በሁለት ሰዎች ጠብ የሚከበረው ሥርዓት፣ ብዙ ሕዝብ በሚነካ ጉዳይ ስለምን ይጓደላል?

ሳይሰሙ መወሰን የሚያስከትለውን ጉዳት የወሎ ሕዝብ በሕይወቱ አይቶታል። በ1977 ዓ.ም. ድርቅና ረኃብ በጸና ጊዜ የደርግ መንግሥት ከሰሜኑ የአገሪቱ ክፍል ገበሬዎችን እያነሣ በምዕራብና በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ አሰፈረ። እስከ 1978 ዓ.ም. ከተዛወረው 600,000 ገደማ ሕዝብ መካከል የሚበዛው የወሎ ሰው ነበር። በፈቃዳቸው የሄዱ ቢኖሩም፣ ተገደው የተጫኑት ብዙዎች ነበሩ። ባል ከሚስቱ፣ እናት ከልጇ ተለያየች። ወባን የማያውቀው ደገኛ በወባ ተቀሠፈ። ጥቂት የማይባሉት በእግራቸው ተመለሱ፤ ሌሎችም ደርግ በ1983 ዓ.ም. ሲወድቅ ሰፈራውን ትተው ወደ ቀያቸው ገቡ። ገበሬው አስቀድሞ ተጠይቆ ቢሆን ኖሮ፣ ለመሄድ የሚሻው ማን እንደሆነ፣ ዝናቡን ጠብቆ ማረስ የሚችለውም ማን እንደሆነ ራሱ በተናገረ ነበር።

አንዳንድ ሰዎች «ሁሉም ይሰማ ከተባለ ሥራ ይጓተታል፤ ደግሞስ ገበሬ የመሐንዲስን ሥራ ምን ያውቃል?» ይላሉ። መስማት ጊዜ መውሰዱ እውነት ነው። ነገር ግን ሳይጠይቁ የሠሩትን አፍርሶ እንደገና መሥራት የበለጠ ጊዜና ገንዘብ ይፈጃል። ስለ ዕውቀትም ቢሆን፣ በሀብሩ ወረዳ መንገድ ሊሠራ ታሰበ እንበል። መሐንዲሱ የመንገዱን ስፋትና የድልድዩን ጥንካሬ ያውቃል። በክረምት ከደጋው የሚወርደው ጎርፍ በየትኛው ማሳ ሰብሮ እንደሚወጣ ግን የሚያውቀው እዚያው ተወልዶ ያረጀው ገበሬ ነው። የመርሳ ገበያ ወደ ሌላ ስፍራ ይዛወር ቢባልም፣ ማሽላዋን ተሸክማ የምትመጣው ሴት የሚጨመርባትን መንገድ ከእርሷ አብልጦ የሚናገር የለም። በወልዲያም ለመንገድ ማስፋፊያ ቤት ይፍረስ ቢባል፣ በዚያ ቤት ስንት ነፍስ እንደሚጠለል የሚያውቀው ባለቤቱ ነው።

ሕጉም ይህንኑ ይደግፋል። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 43፣ ዜጎች ማኅበረሰባቸውን በሚነኩ ፖሊሲዎችና ፕሮጀክቶች ላይ አሳባቸውን እንዲጠየቁ መብት ሰጥቷቸዋል። አዋጅ ቁጥር 1161 በ2011 ዓ.ም. ሲወጣ፣ ለሕዝብ ጥቅም መሬታቸውን የሚለቁ ባለይዞታዎች ይዞታቸውን ከማስረከባቸው ቢያንስ አንድ ዓመት አስቀድሞ እንዲመከሩ ደንግጓል።

ይሁን እንጂ ስብሰባ መጥራት ብቻውን መስማት አይደለም። ያለቀለትን ውሳኔ ይዞ መጥቶ «አስተያየት ካላችሁ ተናገሩ» ማለት ማስታወቅ እንጂ መጠየቅ አይባልም። መስማት ማለት ጉዳዩን አስቀድሞ መግለጽ፣ ለመመካከሪያ በቂ ጊዜ መስጠት፣ የተባለውን በቃለ ጉባኤ መያዝ፣ ያልተቀበሉትንም አሳብ ያልተቀበሉበትን ምክንያት መንገር ነው። ሕዝቡም በበኩሉ በስብሰባው ዝም ብሎ ውሎ በየቤቱ ከማማት ይልቅ፣ ያመነበትን በጉባኤ ፊት ሊናገር ይገባዋል።

ተሰምቶ አሳቡ ያልጸናለት ሰው ውሳኔውን በትዕግሥት ሊቀበል ይችላል። ሳይሰማ የተወሰነበት ግን ውሳኔው ቢጠቅመው እንኳ እንደ በደል ይቆጥረዋል። እንግዲህ አስተዳዳሪ ከመፈረሙ በፊት ጆሮውን ይስጥ፤ ብዕሩ ከዚያ በኋላ ይደርሳል።