እናትን እናምጣቸው ወይስ እዚያው ይሁኑ?

በዋሽንግተን ዙሪያ የምንኖር ሐበሾች ዜግነት ስናገኝ ቶሎ የሚነሳ ጥያቄ ነው። አባት አርፈዋል፣ እናት ከሠራተኛ ጋር ቀርተዋል፤ እናምጣቸው? በሕጉ፣ ዕድሜው 21 የሞላ ዜጋ ለወላጁ ሲያመለክት፣ ለወንድምና ለእህት እንደሚሆነው ለዓመታት ወረፋ አይጠብቅም። ከባዱ ከዚያ በኋላ ያለው ኑሮ ነው።

ይምጡ የሚሉት እውነት አላቸው። አዲስ አበባ ሲመሽ እዚህ ገና የሥራ ሰዓት ነው፤ እናት ማታ ቢወድቁ ልጅ የሚሰማው አንዳንዴ በማግስቱ ነው። “ጎረቤት አላቸው” የሚለውም እንደ ድሮው አያስተማምንም። በ2016 ዓ.ም. ፒያሳ ሲፈርስ ዕድሜ ልካቸውን ቡና ሲጠራሩ የኖሩ ሰዎች በየቦታው ተበትነዋል።

እዚህ ሲልቨር ስፕሪንግ ያለው አፓርታማ ግን ቀን ቀን ምን ይመስላል? ልጅም ምራትም በማለዳ ወጥተዋል። እናት ቡና ሊቆሉ ሲሉ የጭስ ማስጠንቀቂያው ይጮሃል፤ ከዚያ ወዲህ የተቆላ ይገዛላቸዋል፣ ዕጣኑም ይቀራል። አቦሉንም ቶናውንም ብቻቸውን ይጠጣሉ። ቤተ ክርስቲያን ለመሳለም እንኳ የሚነዳላቸው ሰው ከሥራ እስኪያርፍ ይጠብቃሉ። አገር ቤት ለቅሶ ይደርሱ፣ የተጣላ ያስታርቁ፣ ሙሽራ ይመርቁ ነበር። እዚህ የሚፈለጉት ሕፃን ለመያዝ ነው። እርግጥ እሱም ቀላል አይደለም፤ አያቱ ያሳደገችው ልጅ አማርኛ ሲያወራ ሰምቼ ደስ ብሎኛል።

ለሕክምና ብለው የሚያመጡም አሉ። እዚህ ሠርተው የማያውቁ አዛውንት ግን ሜዲኬር (የአዛውንቶች የጤና መድን) ከፍለው ለመግባት እንኳ 5 ዓመት መኖር አለባቸው። ክረምት ከበጋ እየተመላለሱ ይኑሩ ማለትም አያዋጣም፤ ግሪን ካርድ የያዘ ሰው ብዙ ጊዜ ውጭ ከከረመ ነዋሪነቱ ጥያቄ ውስጥ ይገባል።

እኔ የማደላው ጤናቸውና ሰፈራቸው እስካለ ድረስ እዚያው መቆየታቸው ላይ ነው። ሰፈሩ ከፈረሰ ወይም ራሳቸውን መቻል ካቃታቸው ግን ይምጡ እላለሁ። የሚያሳዝነኝ ውሳኔው እህትና ወንድም በስልክ ተማክረው የሚጨርሱት መሆኑ ነው። እናት ሲጠየቁ “እናንተ እንዳላችሁ” ይላሉ፤ ይህ ደግሞ መልስ አይሆንም። የጉብኝት ቪዛ ከተገኘ መጥተው ይዩት፤ የመመለሻ ትኬቱ እጃቸው ላይ እያለ ይጠየቁ። ቪዛው ከተከለከለ የማመልከቻው ቅጽ ከመሞላቱ በፊት ከልጆቹ አንዱ ፈቃድ ወስዶ ጥቂት ሳምንት አብሯቸው ይቀመጥ፤ ቤታቸው ማን እንደሚገባ፣ ሲያማቸው ማን እንደሚደርስላቸው በዓይኑ አይቶ ለሌሎቹ ይንገር።