ተዋናይም ሠዓሊም በአንድ ራስ

«የተቀባ ሸራ ፊት ቆሞ መወራጨት ደግሞ ፊልም ይባላል እንዴ?» የሚል አስተያየት ሲሰነዘር ሰምተናል። ነገሩ የተነሣው ስለ ፈረንሳዊው የፊልም ሰው ስለ ዦርዥ ሜሊየስ ሲወራ ነው። አስተያየቱ አዲስ አይደለም፤ ሰውዬው በሕይወት ሳለም ዘመን አልፎበታል ብለው ጀርባቸውን የሰጡት ብዙዎች ናቸው። እኛ ግን አንስማማም። የማንስማማበትንም ምክንያት እንዲህ እናቀርባለን። (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሜሊየስ በ1861 ፓሪስ ውስጥ ከጫማ ፋብሪካ ባለቤቶች ተወለደ። የቤተሰቡን ንግድ ትቶ በ1888 የሮቤር ኡዳንን የምትሃት ትርኢት ቤት ገዛ። የሉሚዬር ቤተሰብ ዲሴምበር 28 ቀን 1895 ሲኒማቶግራፋቸውን ለሕዝብ ሲያሳዩ እሱም ከታዳሚዎቹ አንዱ ነበረ። መሣሪያውን ልግዛችሁ ቢል እምቢ አሉት። ታዲያ እጁን አጣጥፎ አልተቀመጠም፤ ከለንደኑ ሮበርት ፖል የፊልም ማሳያ ገዝቶ እሱን መነሻ በማድረግ የራሱን ካሜራ አሠራ። በ1897 ሞንትረይ በተባለው ሥፍራ ጣሪያውም ግድግዳውም መስተዋት የሆነ ስቱዲዮ አቆመ። መስተዋት የሆነበት ምክንያት ግልጽ ነው፤ የዚያን ጊዜ ፊልም ብዙ የፀሐይ ብርሃን ይፈልግ ነበር።

አሁን ወደ ሸራው እንምጣ። «የተቀባ ሸራ» እያሉ የሚያጣጥሉት ሰዎች ሸራው ምን ዓይነት ቀለም እንደተቀባ ቢያውቁ ኖሮ አፋቸውን ሰብሰብ ያደርጉ ነበር። ያ ፊልም ቀለማትን እንደ ሰው ዓይን አያይም። ሰማያዊው ነጭ ሆኖ ይወጣል፤ ቀዩና ቢጫው ይጠቁራል። ስለዚህ አንድ ሠዓሊ ያማረ ባለቀለም ትዕይንት ሠርቶ ቢያቀርብ፣ በፊልሙ ላይ የሚታየው ሌላ ነገር ነው። ሜሊየስ ይህን ተረድቶ ሸራዎቹን በግራጫ ብቻ፣ ከነጭ እስከ ጥቁር ባለው ደረጃ ያስቀባ ነበር። የተዋንያኑን ፊት ሳይቀር በነጭና በጥቁር ያስኳል ነበር። ይህንንም በ1907 ባወጣው ጽሑፍ አብራርቶታል። በቦታው ቆሞ ለሚመለከተው ሰው ትዕይንቱ አመድ የነፋበት ይመስል ይሆናል። እሱ የቀባው ግን በአጠገቡ ላለው ሰው ሳይሆን መጨረሻ ላይ ለሚያየው ተመልካች ነው። በቀጭን እርሳስ ሥዕል ሠርተን፣ ከኋላ ወንበር የተቀመጠው ተማሪ ምንም ሳይታየው ክፍለ ጊዜው የሚያልቅብን እኛ እጩ መምህራን በዚህ ሰው ላይ ልንስቅ ነው?

ትወናውም እንዲሁ ነው። በፊልሞቹ ውስጥ አብዛኛውን ጊዜ ዋናው ተዋናይ ራሱ ነበረ። በ1902 በሠራው «ወደ ጨረቃ ጉዞ» ላይ የተጓዦቹ መሪ ፕሮፌሰር ባርባንፉዪ እሱ ነው። ሰይጣን ሆኖ መጫወትም ደስ ይለው ነበር፤ (የአዲስ አበባ ሰው የመጀመሪያውን ሲኒማ ቤት «ሰይጣን ቤት» ማለቱ ወዶ አይደለም ያሰኛል!)። በ1900 በሠራው አንድ ፊልም ሰባት ሜሊየሶች ጎን ለጎን ተቀምጠው ሙዚቃ ይጫወታሉ። ያንኑ አንድ ፊልም እየመለሱ ሰባት ጊዜ ማንሣት ማለት ነው፤ ሰባተኛው ላይ ቢሳሳት የፊተኛው ድካም ሁሉ ከንቱ ነው። በ1901 ደግሞ የራሱን ጭንቅላት እንደ ጎማ ሲነፋ አሳየ። ብልሃቱ ምንድን ነው? ጭንቅላቱ ብቻ እንዲታይ አድርጎ በጥቁር መደብ ፊት በጋሪ ላይ ተቀመጠ፤ ጋሪው ወደ ካሜራው በተጠጋ ቁጥር ጭንቅላቱ ያበጠ መሰለ። ይህን ለማድረግ ተዋናዩ የሥዕሉን ስፋት፣ ሠዓሊው የተዋናዩን እርምጃ ማወቅ አለበት። ሁለቱ በአንድ ራስ ውስጥ ስለነበሩ ተቻለ። አንዱ ሌላውን የሚንቅ ቢሆን ኖሮ ግን የሚቻል አይመስለንም።

አወዳደቁ የታወቀ ነው። አሜሪካ ውስጥ ፊልሙን ያለፈቃድ እያባዙ ሸጡበት፤ ወንድሙ ጋስቶን በ1903 ኒውዮርክ ቢሮ ቢከፍትም ነገሩ አልቆመም። እሱ ቅጂውን በሽያጭ ሲያቀርብ ትልልቆቹ ኩባንያዎች ወደ ኪራይ ዞሩ። የተመልካቹም ፍላጎት ተለወጠ፤ ይህን አንክድም። የመጨረሻ ፊልሞቹን በ1912 ሠራ። በ1923 ሞንትረይን ለቅቆ ሲወጣ በእጁ የነበሩትን የፊልም ኔጋቲቮች አቃጠለ። በ1920ዎቹ አጋማሽ ከባለቤቱ ከዠአን ዳልሲ ጋር በሞንፓርናስ ባቡር ጣቢያ አሻንጉሊትና ከረሜላ ይሸጥ ነበር።

ስለ ማቃጠሉ «የገዛ እጁ ነው» የሚሉ አሉ። ፍርዱ ይከብደናል። የፈረንሳይ ፊልሞችን የሚያሰባስበው ሲኒማቴክ ፍራንሴዝ የተቋቋመው በ1936 ነው፤ እሳቱ ከነደደ ከ13 ዓመት በኋላ መሆኑ ነው። ያን ሁሉ ሳጥን አንድ የከሰረ ሰው የት ያስቀምጠው? 500 ያህል ከሚሆኑት ፊልሞቹ 200 ገደማ የተረፉት ቀድሞ በሸጣቸው ቅጂዎች ምክንያት ነው። «ወደ ጨረቃ ጉዞ» በእጅ ቀለም የተቀባበት ቅጂ በ1993 ባርሴሎና ተገኝቶ፣ ታድሶ በ2011 ካን ላይ ታየ።

ዕውቅናውስ? መጣ፤ ግን ዘግይቶ። በ1929 ፓሪስ ውስጥ ፊልሞቹ በክብር ታዩለት፣ በ1931 የሌዥዮን ዶኔር ኒሻን ተሰጠው፣ በ1932 ኦርሊ በሚገኘው የፊልም ሠራተኞች መጦሪያ ገባ። በ1938 እስኪሞት ድረስም ከእጁ እርሳስ አልጠፋም፤ የድሮ ትዕይንቶቹን ከትዝታው እያወጣ እንደገና ይስላቸው ነበር። ካቃጠለውም ጭምር መሆኑ ነው።

«የተቀባ ሸራ» ያላችሁት ወገኖች፣ አሁንም በአቋማችሁ የምትጸኑ ከሆነ ጽፋችሁ አምጡ። ከዚሁ ሰሌዳ ላይ፣ ከጽሑፋችን አጠገብ እንለጥፈዋለን።