ፓሪስ ወይስ ጣና?

ባለፈው ሳምንት አንዲት የወረታ ጎረቤቴ ስልኳን ይዛ መጣች። ውጭ አገር ያለችው ልጇ ነፍሰ ጡር ናት፤ ወንድም ሆነ ሴት «ፓሪስ» እለዋለሁ ብላለች። አያት ግራ ገብቷት «የከተማ ስም ለሰው ይሆናል እንዴ?» አለችኝ።

ይሆናል። ፓሪስ ራሷ ስሟን ያገኘችው ጥንት በዚያ ይኖሩ ከነበሩት ፓሪሲ ከተባሉ ሰዎች ነው። እኛስ በወንዝ ስም እንሰይም የለ? ዓባይነህ፣ ዓባይነሽ እንላለን። «ነህ» እና «ነሽ» ከሌለ ግን እንደ ደስታ ጾታው አይለይም። በሥራ ዘመኔ እንዲህ ያለ ስም ያላትን ሴት ሕፃን የክትባት ካርዷ ላይ ወንድ ብዬ ጽፌያለሁ፤ እናትየዋን ሳልጠይቅ።

እኔን የሚያሳስበኝ መዘግየቱ ነው። ስም እስኪመረጥ ካርዱ ላይ «ማሙሽ» ወይም «ሚጣ» ይጻፋል፤ በ45 ቀኑ ክትባት ሌላ፣ ትምህርት ቤት ሲገባ ደግሞ ሌላ። በአገራችን ሕግ ልደት በ90 ቀን ውስጥ መመዝገብ አለበት። የሴት ልጅ ክርስትና በ80 ቀን ስለሆነ፣ ስሟን እስከዚያ ያቆየ ቤተሰብ የሚተርፈው 10 ቀን ብቻ ነው። ክርክሩን ከወሊድ በፊት ጨርሱት።

ጎረቤቴን «ልጅሽን አትቆጫት፤ አያትም የራሷን ስም ታወጣለች» አልኳት። ከፎገራ ወንዞች ጀመርን። ርብ ለአፍ አልጣመንም፤ ጉማራ ደግሞ ጉማሬ እየመሰለ አሳቀን። ማታ ደውላ «ጣና» አለቻት። ልጅቷ እያሰበችበት ነው።