ጡረተኛ የቤቱን ዋጋ አይበላም

የንብረት ታክስ አዋጅ ቁጥር 1365/2017 ከጸደቀ ወዲህ ክርክሩ ሁሉ «ያስፈልጋል፣ አያስፈልግም» በሚል ላይ ቆሟል። እኔ ያስፈልጋል ከሚሉት ነኝ። በሕዝብ ገንዘብ አስፋልት ተነጥፎለት የቦታው ዋጋ እጥፍ ድርብ የሆነለት ባለ ሕንፃ ለከተማው ጥቂት ቢመልስ ግፍ የለበትም።

የተረሳ ሰው ግን አለ። በደርግ ጊዜ በቤት ሥራ ማኅበር ተደራጅቶ ቦታ የተመራ፣ ከደመወዙ እየቆጠበ ክፍል በክፍል የሠራ መምህር፣ ነርስ፣ ወታደር። ዛሬ ሰባዎቹን አልፏል። ያኔ ከከተማ ዳር የነበሩት ገርጂና ኮተቤ አሁን ሕንፃ በሕንፃ ሆነዋል። ሰውየው ከቤቱ አልተነቃነቀም፤ ከተማው ነው የመጣበት።

እስቲ እናስላው። ቤቱ በገበያ 12 ሚሊዮን ብር ያወጣል እንበል። አዋጁ ታክሱ የሚሰላው ከገበያ ዋጋው 25 በመቶ ላይ ነው ይላል፤ 3 ሚሊዮን ማለት ነው። ምጣኔው ግማሽ በመቶ ቢሆን በዓመት 15,000 ብር ይመጣል። ለነጋዴ ይህ ምንም አይደለም። በወር 4,000 ብር ጡረታ ለሚቀበል ሰው ግን ወደ አራት ወር የሚጠጋ ገቢው ነው። የደም ግፊት መድኃኒቱን ከየትኛው ወር ላይ ይግዛ?

«ያን የሚያህል ቤት ይዞ ምን ያለቅሳል? ይሽጥ!» የሚሉ አሉ። ሸጦ የት ይሂድ? ሊፍት የሌለው ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ? አርባ ዓመት የከፈለበትን እድር ትቶ፣ ሲታመም በር የሚያንኳኳለት ጎረቤት ወደሌለበት ሰፈር? በእርጅና ሰፈር መቀየር ምን እንደሆነ ለልማት የተነሱትን ጠይቁ።

ይማርለት እያልኩ አይደለም። ይቆይለት ነው የምለው። የአሜሪካዋ ቴክሳስ 65 ዓመት የሞላው ሰው በሚኖርበት ቤት ላይ ያለበትን ታክስ ቤቱን እስኪለቅ ድረስ ማዘግየት ይችላል፤ ዕዳው በዓመት ወለድ እየተሰላበት ቤቱ ላይ ይቆያል፤ ሲሸጥ ወይም ወራሾች ሲረከቡት ይከፈላል። መንግሥት ገንዘቡን አያጣም፤ ሽማግሌውም ቤቱን አያጣም።

የወታደሩ ነገር ለብቻው መታየት አለበት። መለዮ ለለበሰ ሁሉ ይቅር አልልም፤ ሦስት ቪላ የሚያከራይ መኮንን እንደማንኛውም አከራይ ይክፈል። ከካራማራም ሆነ ከባድመ አካሉን አጉድሎ የተመለሰው ግን ለሀገሩ የሚከፍለውን አስቀድሞ ከፍሏል። ብዙ ወገኖቻችን የሚኖሩባት ቨርጂኒያ በ2010 እ.ኤ.አ. በሕዝብ ድምፅ ሕገ መንግሥቷን አሻሽላ፣ በአገልግሎት ምክንያት ሙሉና ዘላቂ የአካል ጉዳት የደረሰበትን ወታደር ከመኖሪያ ቤቱ ታክስ ነፃ አድርጋዋለች። መለኪያው ጉዳቱ ነው፤ ማዕረጉ አይደለም። እኛም ዘንድ እንዲሁ ይሁን፤ ለባለቤቱም ከሞቱ በኋላ ይቀጥል።

አዎ፣ ይጭበረበራል። ቪላውን በአያቱ ስም የሚያዞር አይጠፋም። (የእኛ ሰው ሕጉ ሳይጸድቅ ቀዳዳውን ያገኛል።) ስለዚህ ይጠበቅ፦ አንድ ቤት ብቻ፣ ባለቤቱ ራሱ የሚኖርበት፣ የማይከራይ፣ ከጡረታ ሌላ ገቢ የሌለው። ጡረታው በመንግሥት መዝገብ ያለ ነው፤ ሰውየው እዚያ መኖሩንም ወረዳው ያውቃል።

አዋጁ ማዕቀፍ ነው፤ ዝርዝሩ የክልሎችና የከተማ ምክር ቤቶች ሥራ ነው። አንድ አንቀጽ ይበቃል፦ ዕዳው ከካርታው ፋይል ጋር ይመዝገብ፣ ስም ሲዞር ይከፈል። ያለ ግብር ክሊራንስ ስም እንደማይዞር ደግሞ ወረፋው ላይ የቆመ ሁሉ ያውቀዋል።